ኮርቻ የተጫነው ትል

ትል የሚቀፈው ሰው ከዚህ በታች ያለውን ባያነብ ይሻለዋል። ቀድሜ ተናግሬያለሁ።

ባለፈው ክረምት፣ ደብረ ብርሃን የተከራየሁበት ግቢ ውስጥ፣ አከራዬ ሣር የበቀለበትን ጓል ከቆሻሻ ጋር ከምራ እሳት ለቀቀችበት። ገና ጭሱ ሳይነሣ ዝናብ መጣ። እሷ ልብስ ለማስገባት ትሯሯጣለች፣ እኔ በረንዳው ላይ ቆሜ ቀረሁ። የሚቃጠል አፈር እንደ ሌላ ነገር አይሸትም። እንጨት ሲነድ እንጨት ነው፤ ኩበትም ያው ኩበት ነው። አፈር ሲጋይ ግን ሥር ይሸታል፣ ዝገት ይሸታል፣ የቆየ ውኃ ይሸታል፤ ከዚያ ሁሉ ሥር ደግሞ ትንሽ የሥጋ ነገር አለበት። ዝናብ ሲያርፍበት ይብሳል።

«ምነው ደርቀሽ ቀረሽ?» አለችኝ አከራዬ።

«ምንም» አልኳት። ምን ልበላት? እናቴ የሞተችበት ዓመት በአፍንጫዬ ገባ ልበላት?

አምስተኛ ክፍል ነበርኩ። እኔና እናቴ ከቀየት ከተማ ወጣ ብሎ፣ ከእሷ አባት ቤት ነበር የምንኖረው። እኔ አባባ እላቸዋለሁ። አባቴ ዘመሮ ከተማ ሌላ ትዳር ይዞ ነበር፤ ስለሱ የማውቀው ለእንቁጣጣሽ የሚልከውን ጫማ ነው፤ እሱም ወይ ይጠበኛል ወይ ይሰፋኛል። ጥምቀት እንዳለፈ እናቴ አንድ ጠዋት ጎኗን ይዛ «ወጋኝ» አለች። እኔን «ውኃ ቅጂ» ብለው ላኩኝ። ምንጩ ሩቅ ነው፤ ወረፋም ነበረው። ስመለስ ግቢው ሰው ሞልቶታል፤ ጀሪካኑን ከጀርባዬ የሚያወርድልኝ ግን አንድም ሰው አልነበረም።

ከለቅሶው የቀረልኝ አንድ ቃል ነው። አባባ ድንኳኑ አፍ ላይ ተቀምጠው፣ ለመጣው ሁሉ ያንኑ ይደግሙታል፤ «ልጄ ሳትናዘዝ ሄደችብኝ።» ሴቶቹ ከንፈራቸውን ይመጥጣሉ። «አዬ፣ ሳትናዘዝ።»

መናዘዝ ምን ማለት እንደሆነ አውቅ ነበር። አውቃለሁ ብዬ ነበር ማለቱ ይሻላል። ቤተ ክርስቲያን «ኃጢአታችሁን ለካህን ተናዘዙ» ሲባል እየሰማሁ ነው ያደግሁት። ሳይናዘዝ የሞተ ሰው የት እንደሚሄድም ቄሳችን አልደበቁንም፤ ትሉ ወደማያንቀላፋበት፣ እሳቱ ወደማይጠፋበት። ይኼን ሲሉ ድምፃቸውን ዝቅ ያደርጉታል፤ ቦታውን አይተውት የተመለሱ ይመስላሉ። ስለዚህ ነገሩ ለኔ የተዘጋ ነበር። እናቴ አልተናዘዘችም፤ እናቴ እዚያ ናት። ማንንም አልጠየቅሁም። አባቷ በአፋቸው እየተናገሩ ምን ይጠየቃል?

እሳቱ ያን ያህል አልከበደኝም። እሳት አውቃለሁ፤ ያቃጥላል፣ በቃ። የከበደኝ ትሉ ነው። ምን ዓይነት ትል ነው የማያንቀላፋው? እናቴ ስትተኛ ምን እያደረገ ነው?

የለቅሶው ሰው ሲቀንስ አባባ መሬት ማቃጠል ጀመሩ። ይኼ በኛ አገር የቆየ ሥራ ነው። ብዙ ዓመት ጦም ያደረ መሬት ገብስ እንዲሰጥ ጓሉ መጋየት አለበት ይባላል። ማዳበሪያ ከመጣ ወዲህ ሌላው ሰው ትቶታል፤ አባባ አልተዉም። ከቤተ ክርስቲያኑ አጥር በታች ያለችውን መሬታቸውን አረሱ፤ ከአጥሩ ወዲያ እናቴ ተቀብራለች። ጓሉን ከነሣሩ እዚህም እዚያም ከመሩት፤ በየቁልሉ ሆድ የኩበት ፍም ከተው መልሰው በጓል ደፈኑት። ነበልባል የለውም። ነበልባል ከታየ ሥራው ተበላሽቷል። አፈሩ ከውስጥ ይጋያል፣ ከላይ በየስንጥቁ ቀጭን ጭስ ይተነፍሳል፤ እንዲህ ሆኖ ቀንም ሌትም ይከርማል።

ጉም ሲወርድ ቁልሎቹ ነጠላቸውን ተከናንበው ለቅሶ የተቀመጡ ሰዎች ይመስላሉ። ከአጥሩ ላይ ሆኜ እቆጥራቸዋለሁ። ጉሙ አልፎ ስቆጥር አይገጥምም። አንድ ይጎድላል፣ ወይም አንድ ይተርፋል።

የኔ ሥራ እነሱን መጠበቅ ነበር። ከትምህርት ቤት ስመለስ ደብተሬን ጥዬ እወርዳለሁ። ጭሱ የበረታበትን ስንጥቅ በጓል መድፈን፤ ጭሱ ላቆመው ደግሞ በገል ፍም ወስዶ መጨመር። በመጀመሪያው ቀን አባባ ገሉን እያቀበሉኝ፣

«እሳቱ እንዳይጠፋ» አሉኝ።

ገሉ ከእጄ ሊወድቅ ነበር። ፊታቸውን አየሁ። ምንም የለበትም።

«የቱ እሳት?»

«የቱ ይሆናል? ይኼው ነዋ። እሳቱ እንዳይጠፋ እዪ ነው የምልሽ። ጆሮሽ ተደፈነ እንዴ?»

ከዚያ ቀን ወዲህ እዚያ መሬት ላይ ብቻዬን ስሆን ጫማዬን አወልቅ ነበር፤ የሚሞቀውን ለማወቅ። አንዳንዱ ቦታ እንደ በሽተኛ ግንባር ይግላል። አጠገቡ ያለው ደግሞ በረዶ ነው። የማይጠፋውን እሳት ማን እንደሚጠብቀው ቄሱ ነግረውን አያውቁም ነበር። እኔ ነበርኩ።

የበረዱትን ቁልሎች አባባ በዶማ ሲበትኑ እረዳቸዋለሁ። ጥቁሩ አፈር ቀይ ሆኖ ይወጣል፤ ቀይ ስል እንደ ሸክላ ሳይሆን እንደ ድድ። አንድ ጊዜ የደረቀ ጓል ለሁለት ስሰብር መሐሉ ላይ ቀዳዳ አገኘሁ። ጣት የሚያስገባ፣ ልስልስ ያለ ቀዳዳ። ግድግዳው ላይ ከላይ እስከ ታች ቀለበት በቀለበት የሆነ ደቃቅ መስመር ታትሞበታል። ውስጡ ባዶ ነው።

«አባባ፣ እዚህ ውስጥ ማን ነበረ?»

«ባለቤቱ» አሉ፤ ቀና ሳይሉ።

«የት ሄደ?»

«ሲግለው ወደ ታች ነዋ። ወዴት ይሄዳል?»

ወደ ታች። ጓሉን መልሼ ገጠምኩት።

ባለቤቱን ያየሁት ትምህርት ቤት ነው። የሳይንስ መምህራችን ቲቸር ሰናይት የሞላሌ ልጅ ናት፤ ቀጭን፣ ሹራብ ላይ ሹራብ ደርባም የሚበርዳት። አንድ ቀን ከትምህርት ቤቱ የውኃ ቦኖ ሥር የቆፈረችውን የመሬት ትል በቆርቆሮ ሰሃን ይዛ ገባች። «ዛሬ የምናየው የውጭ አካሉን ብቻ ነው፤ አንሰነጥቀውም፣ አትሽሹ» ብላ ጠረጴዛው ዙሪያ ሰበሰበችን።

«እግር አለው?» ብላ ጠየቀችን።

«የለውም።»

«ዓይን?»

«የለውም።»

«ጆሮስ? አፍንጫስ?»

«የለውም።»

«ታዲያ ምን አለው?»

«ቀለበት አለው» አለች ራሷ። ከራሱ እስከ ጭራው የተሠራው ከቀለበት ነው፤ አንዱ ሲሳብ ይቀጥናል፣ ሌላው ሲሰበሰብ ይወፍራል፣ እንዲህ እያለ ይሄዳል። በክብሪት እንጨት እየነካች አሳየችን። ጫፉ ላይ አፉ አለ፤ ከአፉ በላይ እንደ ከንፈር የተንጠለጠለች ትንሽ ሥጋ አለች፤ መንገዱን የሚዳብሰው በእሷ ነው። በጀርባው በቆዳው ውስጥ ጠቆር ያለ ቀይ መስመር ይሄዳል፤ የደም ሥሩ ነው። ሳንባ የለውም፤ በቆዳው ነው የሚተነፍሰው፤ ለዚያ ነው ሁልጊዜ የሚረጥበው። ቆዳው ከደረቀ ታፍኖ ይሞታል። ብርሃንንም የሚያውቀው በቆዳው ነው፤ ሲነካው ይሸሻል።

ወደ ራሱ ጠጋ ብሎ አንድ ቦታ ላይ ቀለበቶቹ ይጠፉና ቆዳው ይወፍራል፤ በፋሻ የተጠቀለለ ይመስል ገርጥቷል።

«ይኼ ኮርቻው ነው» አለች ቲቸር ሰናይት። «ራሱና ጭራው ሲምታታባችሁ ኮርቻውን ፈልጉ። ኮርቻው የሚቀርበው ወደ ራሱ ነው። ሕፃን ትል ኮርቻ የለውም፤ ሲያድግ ነው የሚያወጣው።»

ስለ እንቁላሉም የሆነ ነገር ብላ ይሆናል። እኔ ግን ኮርቻ ላይ ቀርቻለሁ። ኮርቻ ካለ ተቀማጭ አለ። ሰው ያልተቀመጠበት ኮርቻ የተጫነ ፈረስ በሕይወቴ አንዴ ብቻ ነበር ያየሁት፤ የአንድ ትልቅ ሰው ለቅሶ ላይ፣ ባለቤቱ ሞቶ ፈረሱን በሙሉ ዕቃው ለቀስተኛው መሐል ሲያዞሩት።

ቀጥሎ ያደረገችው ነው እስከ ዛሬ የማይለቀኝ። ነጭ ወረቀት ጠረጴዛው ላይ አነጠፈችና ትሉን በላዩ አስቀመጠችው።

«ዝም በሉ። ስሙት።»

ትሉ ተሳበ። ከር፣ ከር አለ። በጣም ቀጭን ነው፤ ሰው ከውስጥ በር የሚፎክት ይመስላል። ድምፅ እንዳለው ግን ማንም አልነገረንም ነበር።

«ከሆዱ በኩል፣ በየቀለበቱ፣ ዓይን የማያያቸው ደቃቅ ፀጉሮች አሉት» አለች። «ጣታችሁን ከጭራው ወደ ራሱ ብትስቡ ይቆረቁራችኋል። መሬት የሚቆነጥጠው በነሱ ነው። ከጉድጓዱ ስትጎትቱት እንቢ የሚላችሁም ለዚህ ነው።»

እጄን አወጣሁ።

«ቲቸር፣ ዓይን ከሌለው የዓይን ቆብም የለውም?»

«የለውም።»

«ታዲያ ቆብ ከሌለው በምን ይተኛል?»

ልጆቹ ሳቁ። ቲቸር ሰናይት አልሳቀችም። አሰበችበት፤ ይኼ ነው የባሰው። «እንደኛ አይተኛም» አለች።

በቃ። የሚያንቀላፋ ሁሉ ዓይኑን ይከድናል። ይኼ የሚከድነው ነገር የለውም። የማያንቀላፋው ትል ለካ ሩቅ አልነበረም፤ ከቦኖው ሥር ተቆፍሮ በቆርቆሮ ሰሃን ክፍላችን ገብቷል።

ስንወጣ ብርቄ ተከተለችኝ። ከኋላዬ የምትቀመጥ፣ ምላሷ ከራሷ የሚቀድም ልጅ ነበረች።

«ጽጌ፣ ኮርቻው ለማን እንደሆነ ልንገርሽ?»

«ለማን?»

«ለእናትሽ። ሳትናዘዝ ነው የሄደችው አይደል? በእግሯ የሄደች መስሎሽ ነው?»

መታኋት። መታችኝ። ሁለታችንንም ጠጠር ላይ አንበረከኩን። ጉልበቴ እየደማ እንኳ የማስበው ሌላ ነው፤ እናቴ መጋለብ ትችል ነበር ወይ? ትችል ነበር። የአባባን በቅሎ ያለ ሰው እርዳታ ነበር የምትቀመጣት።

አንድ ተስፋ ግን ነበረኝ። ቲቸር ሰናይት «እንደኛ አይተኛም» አለች እንጂ ጨርሶ አይተኛም አላለችም። ትሉ አንዲት ጊዜ ሲያንቀላፋ ካየሁት ይኼ ትል ያኛው ትል አይደለም፣ የአባባም መሬት ያኛው ቦታ አይደለም፣ እናቴም እዚያ የለችም። ይኼን ለማወቅ የሚያስፈልገው አንድ ትልና ትዕግሥት ነው። ትዕግሥት የለኝም፤ ትሉን ግን አገኘሁ።

የዱቄት ወተት ጣሳ ውስጥ እርጥብ አፈር ሞላሁ፣ ኮርቻ ያለውን መርጬ ከተትኩ፣ ክዳኑን በቀጭን ምስማር በስቼ የገብሱ ጎታ ሥር ደበቅሁት። ጨለማ ይወዳል ተብሏል፤ ጎታው ሥር ደግሞ እኩለ ቀን ላይም ጨለማ ነው። አባባ ሳይገቡ ክዳኑን አነሣና በጣቴ ነካ አደርገዋለሁ። ይሸመቀቃል። ነቅቷል። ትንሽ ቆይቼ እነካዋለሁ። ይሸመቀቃል። በራሱ በኩል፣ በጭራው በኩል፣ ኮርቻው ላይ፤ ሁልጊዜ ነቅቷል። የተኛ ሰውም ቢሆን ሲነኩት እንደሚነቃ አላሰብኩም። አንድ ቀን ሳልነካው ጆሮዬን ጣሳው ላይ ጣልኩ። ከር፣ ከር። የጣሳውን ግድግዳ እየፎከተ ይዞራል። ከር፣ ከር።

እሹሩሩ አልኩት። ምን ላድርግ? እናቴ ታስተኛኝ በነበረበት ዜማ፣ ጎታው ሥር በሆዴ ተኝቼ፣ ለጣሳ አንጎራጎርኩ። ግማሽ ላይ ስደርስ ድምፄ የኔ አልመስል አለኝ። ከበላዬ ጎታው ውስጥ ገብሱ ትንሽ ተንሸራተተ፤ የተኛ ሰው ሲገላበጥ እንደሚሰማው።

«ማንን ነው የምታስተኚው?»

አባባ ናቸው። በሩ ላይ ቆመዋል። መቼ እንደመጡ አላወቅሁም።

«ማንንም።»

«የእናትሽ ድምፅ መስሎኝ ነው» አሉና ሳይገቡ ተመለሱ። በሩ ላይ ዶማቸውን ረስተው ሄዱ።

በዚያ ሰሞን የአባቴ እህት፣ እትዬ አሰገደች፣ ከዘመሮ መመላለስ አበዛች። ከአባባ ጋር ደጅ ድንጋይ ላይ ተቀምጠው በዝግታ ያወራሉ፤ እኔ ስቀርብ ወሬው ይቋረጣል። አንዴ ግን ያቺን ቃል ሰማኋት።

«ሳትናዘዝ ነው የሄደችው፤ እርስዎም ብለውታል» አለች እትዬ አሰገደች። «ታዲያ ምን ያከራክረናል፣ አባባ?»

አባባ በከዘራቸው መሬቱን ይጭራሉ። እኔ ደግሞ፣ የእናቴ ነገር ዘመሮ ድረስ ወርዷል ብዬ በአፍረት ደረቅሁ።

የበልጉ ዝናብ የገባው እኩለ ቀን ላይ ነው። ቅዳሜ ስለነበር ትምህርት የለም፤ መሬቱ ላይ ነበርኩ። ጉሙ ከጠዋት ጀምሮ አልተነሣም። ቁልሎቹ ገና ትኩስ ናቸው። ዝናቡ ሲያርፍባቸው መሬቱ በሙሉ በጥርሱ መሐል አየር እንደሚስብ ሰው አፏጨ። እንፋሎቱ ከጉሙ ጋር ተደባልቆ አጥሩ ጠፋ፣ የቤተ ክርስቲያኑ ዛፎች ጠፉ። እኔና አጠገቤ ያሉት ቁልሎች ብቻ ቀረን። ይተነፍሳሉ።

ከዚያ ወጡ።

መጀመሪያ የሣር ሥር መስሎኝ ነበር። ማረሻ ካልነካው፣ በቁልሎቹ መሐል ከቀረው ሣር ውስጥ አንዱ ወጣ፤ ሌላው፤ ሌላው። በቀን፣ በብርሃን፣ ብርሃን የሚሸሹት። በዝናብ እንደሚወጡ አሁን አውቃለሁ። ያኔ የማውቀው ግን ከታች እሳት እንዳለ ነው። ከእሳቱ እየሸሹ ነው። የሚሸሹት ደግሞ ባዶአቸውን አይደለም፤ ኮርቻ ተጭነዋል።

አጎንብሼ ለየሁ። ኮርቻ የሌላቸው ነበሩ፤ ቀጫጭኖች፤ እነሱን ተውኳቸው። ኮርቻ ያላቸውን ለቀምኩ። ኮርቻው ላይ ማንም አይታይም፤ ነፍስ አትታይማ። ቀሚሴን እንደ ስልቻ ሰብስቤ እየከተትኩ፣ ወደ አጥሩ ወስጄ እርጥብ ሣር ላይ አስቀምጥና እመለሳለሁ። ወደ ትኩሱ አፈር የሚሳቡም ነበሩ። ጥቂት ይሄዱና ቆዳቸው ይጨማደዳል፣ ይቆማሉ። እነሱን እንዳላየሁ አልፋለሁ። ቀሚሴ ውስጥ ያሉት ሆዴ ላይ ሲርመሰመሱ ያ ደቃቅ ፀጉራቸው ይፍቀኛል፤ ያልተላጨ አገጭ ይመስላል። አንዱን ባስቀመጥኩ ቁጥር «እማዬ?» እላለሁ። የሚመልስ የለም። ሌላውን አነሣለሁ።

አንዱ ግማሹ ወጥቶ ግማሹ ጉድጓድ ውስጥ ነው። ትልቅ ነው፤ ኮርቻው ሰፊ፣ የገረጣ። ያዝኩት፤ አልመጣም። ጎተትኩት፤ ቀጠነ፣ ቀለበቶቹ ተራራቁ፣ አሁንም አልመጣም። ከታች በሌላ በኩል ሰው ይዞ የሚጎትተው ነው የሚመስለው።

«ልቀቃት» አልኩ። ለማን እንዳልኩ አላውቅም።

ከፊት ለፊቴ ካሉት ቁልሎች አንዱ ቆመ።

ነጭ ነው። ከላዩ እንፋሎት ይወጣል። ቆመና ወደኔ መጣ። ልሸሽ ፈለግሁ። እጄ ግን ትሉን አልለቀቀም።

«ማንን ነው ልቀቃት የምትዪው?»

አባባ ናቸው። ቁልሉን ከዝናቡ ሲደፍኑ ቁጢጥ ብለው ነበር ለካ፤ የረሰረሰው ጋቢያቸው ከፍሙ ጥግ ሞቆ ይጨሳል።

«እማዬን» አልኩ።

እጄን አዩ። ቀሚሴን አዩ።

«ምንድን ነው ያቀፍሽው?»

«ትል ነው። ኮርቻ ያላቸውን ብቻ ነው የወሰድኩት።»

አባባ ጭቃው ላይ ተቀመጡ። «ንገሪኝ» አሉ።

ነገርኳቸው። ዓይን እንደሌለው፣ ቆብ እንደሌለው፣ እንደኛ እንደማይተኛ፤ ጎታው ሥር እሹሩሩ ያልኩትም ለሱ እንደነበር። እሳቱ እንዳይጠፋ ጠብቂ ያሉኝም ራሳቸው እንደሆኑ። እናቴ ሳትናዘዝ እንደሄደች። ይኼን ሁሉ ስናገር ትሉን እንደያዝኩ ነኝ። ስጨርስ ትከሻቸው ይንቀጠቀጣል። የሳቁ መስሎኝ ነበር።

«ቄሱ ራስጌዋ ነበሩ» አሉ። «አንቺ ውኃ ወርደሽ። ንስሐዋን ሰምተው፣ እግዚአብሔር ይፍታሽ ብለው፣ መስቀል አሳልመዋት ነው የሄደችው። ለነፍሷ የቀራት ነገር የለም።»

«ታዲያ ለምን ሳትናዘዝ ይላሉ?»

«ኑዛዜ ነዋ፣ ልጄ። ኑዛዜ። ሰው ሲሞት ቤቴን ለእገሌ፣ በሬዬን ለእገሌ ይላል። እሷ ምን አላት? አንቺን ነው ያላት።» ፊታቸውን በጋቢያቸው ጫፍ ጠረጉ። «ልጄን ለአባቴ ሳትል፣ ልጄን ለአባቷ ሳትል፣ ዓይኗ ተከደነ። እኔ የማለቅሰው ለሱ ነው።»

ዓይኗ ተከደነ። ያቺን ቃል ያዝኳት። የምትከድነው ነበራት።

«አክስትሽ አሰገደች እኛ ቤት ቁጭ ብላለች፤ ልጠራሽ ነው የወረድኩት» አሉ አባባ። «ሽማግሌ ይዛ መጥታለች። ከማን ጋር እንደምትኖሪ ይጠይቁሻል። እኔ እንዲህ በይ አልልሽም። እኔ አርጅቻለሁ፤ እሷ ዘመሮ ደህና ቤት አላት፣ የምታጫውትሽ ልጆች አሏት።» ከዘራቸውን ተመርኩዘው ተነሡ። «ያን ነገር ልቀቂው። አንቺ ነሽ የምትጎትቺው እንጂ እሱ ቤቱን ነው የያዘው።»

ለቀቅሁት። አልፈጠነም። ቀለበት በቀለበት ወደ ውስጥ ተሰበሰበ፤ ኮርቻው ገባ፣ ከዚያ ራሱ። መጨረሻ ላይ የቀረችው አፉ ላይ የተንጠለጠለችው ትንሿ ከንፈር ናት። ጉድጓዱ አፍ ላይ ትንሽ ቆየች፤ የሆነ ነገር ልትል ነው ብዬ ጠበቅሁ። ገባች።

ቤት ስንገባ እትዬ አሰገደች ከመደቡ ተነሣች። «ምን ሆነሽ ነው እንዲህ ጭቃ የሆንሽው፣ የኔ እመቤት?» ብላ በነጠላዋ ፊቴን ልትጠርግ ጀመረች። ክፉ ሴት አልነበረችም። አብረዋት ከመጡት ሁለት ሽማግሌዎች ጎልማሳው ጉሮሮውን ጠረገ።

«ልጄ፣ እናትሽ አልተናዘዘችም። ስለዚህ አንቺው ተናገሪ። ከማን ትሆኛለሽ?»

አባባ በሩን ተደግፈው ቆመዋል። ወደኔ አያዩም፤ ወደ ውጭ፣ ወደ ጉሙ ነው የሚያዩት። ጣታቸው ከዘራውን ይጨብጣል፣ ይለቃል። እወዳቸዋለሁ ማለት ነበረብኝ። እንዲህ ያለ ነገር ያኔም ከአፌ አይወጣም፤ ዛሬም አይወጣም።

«እሳቱ ይጠፋል» አልኩ።

«የምን እሳት?» አለች እትዬ አሰገደች።

«የመሬቱ። እኔ ከሄድኩ ማን ይጠብቀዋል? እሳቸው ወገባቸውን ያማቸዋል። ይጠፋባቸዋል።»

«ዝናቡ አጥፍቶት የለ እንዴ፣ የኔ እመቤት?» አለች፤ በለሰለሰ አፍ።

«አልጠፋም» አሉ አባባ ከበሩ ላይ። ድምፃቸው ሰልሏል። «እሱ ከውስጥ ነው የሚነደው።»

ሽማግሌዎቹ ተያዩ። ትልቁ ከንፈራቸውን መጥጠው «ልጅቱ ተናግራለች» አሉ። እትዬ አሰገደች እጇን ከፊቴ ላይ አነሣች። አልተቆጣችም፤ ነጠላዋ ላይ የቀረውን ጭቃ አየችው፣ ነጠላዋን መልሳ አጣፋች። ዝናቡ ሳያባራ ተነሥተው ሄዱ።

ጣሳው ትዝ ያለኝ ያን ጊዜ ነው። አባባ እያዩኝ ጎታው ሥር ገብቼ አወጣሁት። ክዳኑ እንደገጠምኩት ግጥም ብሏል። የምስማሩ ቀዳዳ የስንዝር ትል ቀርቶ ክርም በጭንቅ ያሳልፋል። አፈሩን መዳፌ ላይ ገለበጥኩት፣ በጣቴ አሸሁት፣ ደግሜ አሸሁት። የለም። ቆዳ የለም፣ ቀለበት የለም፣ ኮርቻ የለም። አፈር ብቻ ነው፤ የለሰለሰ፣ እርጥብ፣ ሰው ያኘከው የሚመስል አፈር።

አባባ አጠገቤ ቁጢጥ አሉ። አፈሩን ከመዳፌ ላይ በጥንቃቄ ጠርገው ወደ ጣሳው መለሱት። ክዳኑን ገጠሙበት።

«ተኝቷል» አሉ።

ጆሮዬን ወደ ጣሳው ላስጠጋ ስል በሸካራ መዳፋቸው ጆሮዬን ሸፈኑት።